የልጆችን ትርኢት መውደድ ለዐዋቂ ሰው ነውር ነውን?

ባለፈው ጥቅምት 19 ቀን፥ በወርኃዊው የቅዱስ ገብርኤል በዓል፥ በሐዋሳ ከተማ ከሚገኘው የቅዱስ ገብርኤል ቤተ ክርስቲያን አስቀድሰን ስንመለስ፥ አንድ ጎረቤታችን ለቡና ጠርቶን ነበርና ከሰዓት በኋላ ወደ ቤቱ ሄድን። ይኸ ሰው ዕድሜው ከአምሳ ዓመት ያለፈ፥ በመሥሪያ ቤቱ የተከበረ፥ በዕድሩ ገንዘብ ያዥነት የታመነ፥ በሰፈሩም ጠብ ሲነሣ ለዕርቅ የሚጠራ ሽማግሌ ነው። በሩ ገርበብ ብሎ አገኘነው። ከውስጥ የሚሰማውም ሳቅ የሕፃን ብቻ አልነበረም።

ገብተን ብናይ፥ ጎረቤታችን ጫማውን አውልቆ ምንጣፉ ላይ ተቀምጦ፥ የሰባት ዓመት የመጨረሻ ልጁን በጉያው ይዞ፥ ዕንባው እስኪፈስ ድረስ ይሥቃል። በቴሌቪዥኑም መስኮት ድመት አይጥን ሲያሳድድ፥ አይጡም ድመቱን ሲያታልል ይታያል። እኛን ባየ ጊዜ ግን ሳቁ በፊቱ ላይ ደረቀ። ፈጥኖ ተነሣና ሪሞቱን አንሥቶ ቴሌቪዥኑን ወደ ዜና ለወጠው። «ልጁ ነው የከፈተው» አለን። ልጁም ምንም ክፋት ሳያስብ «አባዬ፥ አንተ ነህ እኮ የከፈትኸው» አለ። እናቱ ሳቋን ዋጥ አድርጋ ወደ ጓዳ ገባች። እኛ ደግሞ ጨዋታ ያሳመርን መስሎን «በዚህ ዕድሜህ የድመትና የአይጥ ሥዕል ታያለህን?» ብለን ቀለድን። ቡናውም ተጠጣ፥ ሌላ ወሬም መጣ፥ ነገሩም ያለፈ መሰለን።

ያ ቀልድ ምን እንዳደረገ የተረዳነው ከአንድ ወር በኋላ ነው። እርሱን በስፍራው እንነግራችኋለን። አስቀድመን ግን ጎረቤታችንን ያሳፈረው ነገር በእውነት የሚያሳፍር መሆኑንና አለመሆኑን እንመርምር፤ በየቤቱ እንደ እርሱ የሚደበቁ ብዙዎች ናቸውና።

በአገራችን «ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም» ይባላል። ይኸ ምሳሌ እውነት ነው፤ ያልበሰለ ሰው በሠራው ሥራ ላይ ቤት አይቆምም። ነገር ግን ብዙ ሰዎች ከዚህ ምሳሌ ሌላ ትርጉም አውጥተው፥ ልጅ የወደደው ሁሉ ለዐዋቂ የማይበቃ ነው ይላሉ። በዚህም ምክንያት አባት ከልጁ ጋራ ሲሥቅ ሰው ያየው እንደ ሆነ ክብሩ የጎደለ ይመስለዋል። እስቲ እነዚህ «የልጆች» የሚባሉት ትርኢቶች ከየት እንደ መጡና ማን እንደ ሠራቸው እንመልከት።

ጎረቤታችንን ያሣቁት ቶም የሚባለው ድመትና ጄሪ የሚባለው አይጥ ናቸው። እነዚህን የፈጠሩአቸው ዊልያም ሐናና ጆሴፍ ባርቤራ የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን ሲሆኑ፥ የመጀመሪያው አጭር ፊልም የታየው በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1940 ዓ.ም. ነው። ሁለቱ ሰዎች ሜትሮ ጎልድዊን ሜየር በሚባለው የፊልም ኩባንያ ውስጥ ሆነው እስከ 1958 ዓ.ም. ድረስ 114 አጫጭር ፊልሞችን ሠሩ፤ ከእነዚህም ውስጥ ሰባቱ የኦስካር ሽልማት አግኝተዋል። ሥራውን በጀመሩ ጊዜ ቴሌቪዥን ገና በየቤቱ አልገባም ነበር። ፊልሞቹ ይታዩ የነበሩት በሲኒማ አዳራሽ፥ ከዋናው ፊልም በፊት፥ ሽማግሌውም ጎልማሳውም ልጁም በአንድነት በተቀመጡበት ነው። ስለዚህ ድመቱና አይጡ ገና ከጥንታቸው የቤተ ሰብ ሁሉ ነበሩ፤ የሕፃናት ብቻ የሆኑት ኋላ ነው።

ደግሞም በእነዚህ ፊልሞች ንግግር እጅግ ጥቂት ነው። ስኮት ብራድሊ የተባለው የሙዚቃ ሰው የደረሰው ዜማ የድመቱን እርምጃና የአይጡን ሩጫ፥ ቁጣውንና ድንጋጤውንም ሳይቀር በቃል ፋንታ ይናገራል። ይኸ ለእኛ ከተማ ትልቅ ነገር ነው። ሐዋሳ ሲዳምኛ የሚናገረው፥ አማርኛ የሚናገረው፥ ወላይትኛ የሚናገረው፥ ሌላውም ሁሉ በአንድ ግቢ ተከራይቶ የሚኖርባት ከተማ ናት። ቋንቋ የማይፈልግ ሳቅ በእንዲህ ያለ ግቢ ውስጥ አስተርጓሚ ሳይሻ ከቤት ወደ ቤት ይሄዳል። ከገጠር የመጣች አያትም ከከተማ ልጅ የልጅ ልጅዋ ጋራ እኩል ትሥቃለች።

ይኸ የውጭ አገር ነገር ነው የሚል ቢኖር፥ ወደ ራሳችን ታሪክ እንመለስ። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራውን የጀመረው በ1957 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በኋላ ብዙም ሳይቆይ፥ በቴአትር መድረክ የታወቁት ተስፋዬ ሣህሉ የልጆችን ክፍለ ጊዜ ያዙና ለ42 ዓመታት ያህል አገለገሉ። በኮሪያ ጦርነት ጊዜ ከኢትዮጵያ ወታደሮች ጋራ ዘምተው ሠራዊቱን ያጫወቱ፥ ሴቶች በመድረክ መታየት ባልለመዱበት ዘመንም የሴት ገጸ ባሕርይ ተላብሰው የተጫወቱ ሰው ነበሩ። ሕዝቡ ግን ይኸን ሁሉ ትቶ «አባባ ተስፋዬ» ብሎ ጠራቸው። ልጆችን «የዛሬ አበባዎች፥ የነገ ፍሬዎች» እያሉ ይጠሩ ነበር። በመስኮቱ ውስጥ ሆነው ጤና ይስጥልኝ ሲሉ፥ በየቤቱ ያለው ሕፃን ሁሉ የሚሰሙት እየመሰለው ቆሞ ይመልስላቸው ነበር።

ያን ጊዜ ቴሌቪዥን ያለው ቤት ጥቂት ስለ ነበረ፥ የሰፈር ልጆች ባለ ቴሌቪዥኑ ቤት ተሰብስበው መሬት ላይ ይደረደራሉ። ከልጆቹም ኋላ ዐዋቂዎች ይቆማሉ። ልጆቹን ሊጠብቁ የቆሙ ይመስላሉ፤ ተረቱ ሲጀመር ግን ጆሮአቸው ወደዚያው ነው። አባባ ተስፋዬ ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ሲያርፉ፥ ከቴሌቪዥን ከራቁ ብዙ ዓመታት አልፈው ነበር። እንግዲህ ያለቀሰላቸው ማን ነው? የዚያን ጊዜ ሕፃናት አይደሉም፤ እነርሱ በመስኮቱ አላዩአቸውም። ያለቀሱት ልጆች የወለዱ፥ ፀጉራቸው የሸበተ፥ መሥሪያ ቤት የሚመሩ፥ ከአገር ርቀውም በባዕድ ምድር የሚኖሩ ሰዎች ናቸው። ስማቸው በተነሣ ቁጥር ሁለት የማይተዋወቁ ኢትዮጵያውያን ወዲያው ይተዋወቃሉ፤ «አንተም ትመልስላቸው ነበር?» ይባባላሉ። ይኸ ዝምድና ያልታወጀ፥ መዝገብም የሌለው ማኅበር ነው። በዚህ ማኅበር ውስጥ መሆኑን እስከ ዛሬ ነውር ያለው ሰው አልሰማንም።

ከእርሳቸው ቀጥሎ የመጣው ትውልድ ደግሞ ፀሐይ የምትባለዋን ቀጭኔ ያውቃል። መምህርት ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤታቸው ከሼን ኤትዘንሃውዘር ጋራ ሆነው በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ2005 ዓ.ም. ሥራውን ሲጀምሩ ትልቅ ስቱዲዮ አልነበራቸውም። በመኖሪያ ቤታቸው ውስጥ አሻንጉሊት ሠርተው፥ በራሳቸው ድምፅ አናግረው፥ «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የሚለውን ትርኢት ለኢትዮጵያ ሕፃናት አቀረቡ። በ2010 ዓ.ም. መምህርቷ ሮሌክስ ለወጣቶች የሚሰጠውን ሽልማት ተቀበሉ። የስድስት ዓመቷ ቀጭኔ እጅ ስለ መታጠብና ስለ ፊደል፥ ሰው ስለ ማክበርም ስትጠይቅ፥ የምትጠይቀው በትልቅ ሰው እጅና በትልቅ ሰው ድምፅ ነው። አንድ ጎልማሳ ለቀጭኔ አሻንጉሊት ድምፁን ማዋስ ነውር ቢመስለው ኖሮ፥ ያ ሁሉ ሕፃን ያን ትምህርት ከየት ያገኝ ነበር? ለልጆች የሚሆን መልካም ነገር ሁሉ ሊሠራ የሚችለው፥ ዐዋቂ ሰው ሳያፍር ሲወደው ብቻ ነው።

ወደ ሰፊው ዓለም ስንወጣ ደግሞ ነገሩ ከዚህ አልፎ ሄዶ እናገኘዋለን። በአሜሪካ አገር በጥቅምት 2010 ዓ.ም. በእነርሱ አቆጣጠር፥ ሎረን ፋውስት የተባለች ሠዓሊት ስለ ትናንሽ ፈረሶች የሚናገር አዲስ የካርቱን ትርኢት አወጣች። ትርኢቱ ፖኒ የሚባሉ ፈረሶች አሻንጉሊት ለሚገዛላቸው ትናንሽ ልጃገረዶች የታሰበ ነው። ስድስት ባልንጀሮች የሆኑ ፈረሶች አሉበት፤ ከእነርሱም አንዷ በሐቀኝነት፥ አንዷ በርኅራኄ፥ አንዷ በለጋስነት፥ አንዷም በታማኝነት ትታወቃለች። ያልታሰበው ነገር ይኸ ነው፦ ጥቂት ወራት ሳይሞላ፥ ትርኢቱን ኮሌጅ የሚማሩ ጎረምሶች፥ ወታደሮችና የቤት አባወራዎች ወደዱት። «ወንድም» የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል አሳጥረው ከፈረሶቹ ስም ጋራ በማጋጠም ራሳቸውን «ብሮኒ» ብለው ሰየሙ። በ2011 ዓ.ም. በኒው ዮርክ ከተማ መቶ ያህል ሰዎች ተሰበሰቡ። በ2015 ዓ.ም. በባልቲሞር ከተማ የተሰበሰቡት ከ10,000 በላይ ነበሩ። ትርኢቱ በተፈጸመበት በ2019 ዓ.ም. የመጨረሻውን ስብሰባ አድርገው ተሰነባበቱ።

ዓለም እጅግ ዘበተባቸው። ጢም ያበቀለ ሰው ሮዝና ሰማያዊ ፈረስ ያለበት ሸሚዝ ለብሶ ሲሄድ ማየት ለጋዜጣ መልካም ወሬ ነበር። ነገር ግን ስለ ራሳቸው ሲናገሩ ብዙዎቹ የሚያነሡት ፈረሶቹን ብቻ አልነበረም። ብቸኛ ነበርሁ፥ ባልንጀራ አገኘሁ፤ ዓይን አፋር ነበርሁ፥ ሥዕል መሣልና ዜማ መድረስ ጀመርሁ ይላሉ። ለችግረኞችም ገንዘብ እያዋጡ ይረዱ ነበር። እኛ ከዚህ የምንማረው አንድ ነገር አለ። ሰው የርኅራኄንና የታማኝነትን ነገር በትልልቆቹ ትርኢት ውስጥ ሲያጣው፥ በልጆች ትርኢት ውስጥም ቢሆን ይፈልገዋል። ረኀቡ የሕፃን ረኀብ አይደለም።

ሆኖም እውነቱን ሳንደብቅ መናገር አለብን። በዚያ ማኅበር ውስጥ ለሕፃናት የተሠራውን ሥዕል ወስደው ለሕፃን ዐይን የማይገባ ነውር የጨመሩበት ሰዎችም ነበሩ። ወላጆችም በዚህ ምክንያት መጠንቀቃቸው ትክክል ነው። የልጆችን ነገር መውደድ አንድ ነገር ነው፤ ከልጆች ላይ ነጥቆ ማርከስ ግን ሌላ ነው።

ከአንባቢዎቻችን አንዳንዶቹ እዚህ ላይ ሐዋርያው ጳውሎስ ለቆሮንቶስ ሰዎች በጻፈው መልእክት የልጅነትን ጠባይ ስለ መሻር የተናገረውን እንደሚያነሡብን እናውቃለን። ነገር ግን ያ ቃል የሚገኘው በየትኛው ምዕራፍ ነው? ስለ ፍቅር በተጻፈው በዐሥራ ሦስተኛው ምዕራፍ ነው። ሐዋርያው የሻረው የልጅን አሳብና ያልተሟላ ዕውቀት ነው እንጂ፥ ከልጅ ጋራ መደሰትን አይደለም። ጌታችንም ደቀ መዛሙርቱ ሕፃናትን ከፊቱ ሊያርቁ ባሰቡ ጊዜ የገሠጸው ማንን እንደ ሆነ ሁላችን እናውቃለን።

እንግዲህ ነውሩንና ነውር ያልሆነውን በምን እንለየው? እኛ እንደሚመስለን በሦስት ነገር ይለያል። መጀመሪያ፥ ትርኢቱ ሰውየውን በቤቱ ካሉት ጋራ ያቀራርበዋልን ወይስ ይለየዋል? ሚስቱና ልጆቹ በአንድ ክፍል ተቀምጠው ሳለ እርሱ በሌላው ክፍል በስልኩ ላይ አጎንብሶ የሚያይ ሰው፥ የሚያየው ዜናም ቢሆን ካርቱንም ቢሆን ልዩነት የለውም። ሁለተኛ፥ ሥራንና ጸሎትን፥ እንቅልፍንም ያስተጓጕላልን? መጠን ያጣ ነገር፥ ቡናም ቢሆን፥ ይጎዳል። ሦስተኛ፥ ልጁ ቢመጣ በአጠገቡ ሊያስቀምጠው የሚችለው ነገር ነውን? ልጅ ሲገባ የሚዘጋ ነገር በእውነት ሊዘጋ የሚገባው ነው። እንግዳ ሲገባ የሚዘጋ ነገር ግን ምናልባት ጥፋቱ የእንግዳው ሊሆን ይችላል።

ይኸን የመጨረሻውን ቃል የጻፍነው በራሳችን ላይ ስለ ደረሰ ነው። ጾመ ነቢያት ከገባ በኋላ፥ በኅዳር 19 ቀን፥ ያ ጎረቤታችን እንደገና ለቡና ጠራን። በደረስን ጊዜ እርሱ ገና አልገባም ነበር። ባለቤቱ ቆሎ አቀረበችልንና ቡናውን እየቆላች ዝም አለች። ቴሌቪዥኑ ተዘግቷል። ልጁም ጥግ ይዞ ደብተሩን ያገላብጣል። «ዛሬ ድመቱና አይጡ የሉም እንዴ?» ብለን ብንጠይቅ፥ የቡናውን ምጣድ ከእሳቱ አወጣችና እንዲህ አለችን።

«ጋሼ፥ እርስዎ ከመጡ ወዲህ አባቱ አላየም። ልጁ ና ሲለው ሥራ አለኝ ይላል። ልጁም ለብቻው ማየቱን ተወው። ይኸ ብቻ ቢሆን ምንም አልነበረም። ይኸ ልጅ ትምህርት ቤት የዋለበትን የሚነግረው በዚያች ግማሽ ሰዓት ነበር። ፊት ለፊት ሲጠይቁት አይናገርም፤ ዐይኑ ሥዕሉ ላይ ሆኖ፥ እየሣቀ፥ በመካከል አንድ ቃል ጣል ያደርጋል። አባቱም ከዚያች ቃል ሁሉን ያውቅ ነበር። አሁን ሦስት ሳምንት ሙሉ ትልልቅ ልጆች ምሳውን እየቀሙት ጦሙን ሲውል ኖሮ ማንም አላወቀም። ያወቅሁት ትናንት ነው፤ እርሱም ሰውነቱ ሲከሳብኝ ጊዜ ይዤ ስጠይቀው።»

ምን እንመልስ? ቆሎው በእጃችን ላይ ቀረ። ቀልድ ብለን የጣልናት አንዲት ቃል በአባትና በልጅ መካከል የነበረችውን በር ዘግታለች። ጎረቤታችን በገባ ጊዜም ይቅርታ ጠየቅነው። እርሱ መጀመሪያ ነገሩን አቃለለው፤ ኋላ ግን አንገቱን ደፍቶ እንዲህ አለን፦ «እኔ አባቴ ሲሥቅ አንድ ቀን አላየሁም። ያከብሩት ነበር፥ እኔም እፈራው ነበር። ሲሞት አልቅሻለሁ፤ ግን ምን ያስደስተው እንደ ነበር አላውቅም። ይኸ ልጅ እንኳ እንዲያውቅልኝ ብዬ ነበር። እርስዎ ሲገቡ ግን አባቴ የገባ መሰለኝ።»

ከዚያ በኋላ ብዙ አልተነጋገርንም። እኛው ራሳችን ሪሞቱን አንሥተን ለልጁ ሰጠነው። ልጁ አባቱን አየ፤ አባቱም ጫማውን አወለቀ። ፀሐይ በሐይቁ ላይ ልትጠልቅ ተቃርባ ብርሃኗ በመስኮቱ ገብቶ ነበርና እናቱ መጋረጃውን ሳበች። እኛም በሶፋው ላይ መቀመጣችን ከእነርሱ ያራቀን ስለ መሰለን ወረድ ብለን ምንጣፉ ላይ ተቀመጥን። ልጁ የማናውቅ መስሎት ሁሉን አስረዳን። «ይኸ ቶም ነው፤ ክፉ አይደለም፤ ሁልጊዜ ይሸነፋል እንጂ» አለን። ጥቂት ቆይቶም፥ ዐይኑን ከሥዕሉ ሳያነሣ፥ «አባዬ፥ ነገ ትምህርት ቤት አብረኸኝ ትመጣለህ?» አለ። አባቱም «እመጣለሁ» አለው። በማግሥቱም አብሮት ሄዶ ከመምህሩ ጋራ እንደ ተነጋገረ ሰማን።

የተከበራችሁ አንባቢዎች፥ ምክራችን አጭር ነው። በቤታችሁ የልጅ ሥዕል የሚወድ ዐዋቂ ቢኖር አታሳፍሩት። ልጆቻችሁ የሚያዩትን ከእነርሱ ጋራ ተቀምጣችሁ እዩ፤ መልካም ከሆነ ትደሰታላችሁ፥ መጥፎ ከሆነም ቶሎ ታውቁታላችሁ። ወደ ሰው ቤት ስትገቡ ደግሞ በዚያ ቤት ያለውን ሳቅ በቀልድ አታጥፉ። እኛ አጥፍተነው ነበር፤ እግዚአብሔር ይመስገን፥ ሳይመሽ ተመልሷል።